ሕግ ጥሰው አገር ያበሉ ሰዎች

እ.ኤ.አ. በ1988 ጸደይ ሰሜን ቬትናም ተርቦ ነበር። በ21 ክፍላተ ሀገራት ከ9 ሚሊዮን በላይ ሕዝብ የሚቀምሰው አጥቶ፣ የሃኖይ መንግሥት የውጭ አገራትን የእህል እርዳታ ለመጠየቅ ተገደደ። በማግስቱ ዓመት፣ በ1989፣ ይኸው አገር 1.4 ሚሊዮን ቶን ያህል ሩዝ ለዓለም ገበያ አቀረበ፤ ከታይላንድና ከአሜሪካ ቀጥሎም ሦስተኛው የዓለም ሩዝ ላኪ ሆነ። መሬቱ ያው ነው፣ ገበሬውም ያው ነው። ሥልጣን ላይ ያለውም ያው የኮሚኒስት ፓርቲ ነው።

በአሥራ ሁለት ወር ውስጥ ምን ተለወጠ ለሚል ሰው ብዙ ጊዜ የሚሰጠው መልስ «ዶይ ሞይ» የሚል ነው፤ ተሃድሶ ማለት ነው። በታኅሣሥ 1986 የቬትናም ኮሚኒስት ፓርቲ 6ኛ ጉባኤውን ተቀምጦ፣ ንጉየን ቫን ሊንን ዋና ጸሐፊ አድርጎ መረጠና ከማዕከላዊ ዕቅድ ወደ ገበያ መሸጋገርን ወሰነ። መልሱ ትክክል ነው፤ ግን ታሪኩን ከመጨረሻው ምዕራፍ ይጀምረዋል። ጉባኤው ከመሰብሰቡ ከሃያ ዓመት በፊት ጀምሮ ገበሬዎች፣ የክፍለ ሀገር ሹማምንትና አንዲት ደፋር የእህል ድርጅት ኃላፊ የተከለከለውን ነገር ሲያደርጉት ኖረዋል። የቬትናምን ሽግግር ከሌሎች የሶሻሊስት አገራት ሽግግር የሚለየው ትልቁ ጉዳይ ይኸው ነው። ሕጉ ሕዝቡን አልመራውም፤ ሕዝቡ የጀመረውን ከኋላ ደርሶ አጸደቀለት።

በሰሜን ቬትናም የእርሻ ኅብረት ሥራ ማኅበራት የተስፋፉት በ1950ዎቹ መጨረሻ ነው። ማለዳ ደወል ይደወላል። ገበሬው በቡድን ሆኖ ወደ ሩዝ ማሳው ይወርዳል፤ የቡድን መሪው ደግሞ በመዝገቡ ላይ የእያንዳንዱን ሰው የሥራ ነጥብ ይጽፋል። ላረሰ ይህን ያህል፣ ችግኝ ላዛወረ ይህን ያህል፣ ፍግ ለተሸከመ ይህን ያህል። አዝመራው ሲሰበሰብ መጀመሪያ ግብርና ኮታ ለመንግሥት ይነሳል። ቀጥሎ ለዘር፣ ለመጠባበቂያና ለማኅበሩ አመራር የሚሆነው ይቀነሳል። የተረፈው በነጥቡ ልክ ለአባላቱ ይከፋፈላል። የታታሪውና የለግመኛው ነጥብ እምብዛም ስለማይለያይ፣ ሰው ሁሉ ጉልበቱን ቆጥቦ ይዞ የሚገባው ወደ ቤቱ ነበር። ከማኅበሩ መሬት 5 በመቶው ለየቤተሰቡ የጓሮ መሬት ሆኖ እንዲከፋፈል ተፈቅዶ ነበርና፣ በዚያች ቁራሽ መሬት ላይ የሚበቅለው አትክልት፣ የሚረባው አሳማና ዶሮ ከብዙ ቤተሰብ ገቢ ግማሽ ያህሉን ያመጣ ነበር። ሃያኛ እጅ የሆነችው መሬት የቀረውን ያህል ማብላቷ ብቻውን ብዙ ይናገራል። ይህንን ግን ሃኖይ ውስጥ ጮክ ብሎ መናገር አይቻልም ነበር።

ከተሜው በበኩሉ በኩፖን ይኖራል። ተራው የመንግሥት ሠራተኛ በወር 13 ኪሎ እህል ይደርሰዋል፤ እሱም ሁልጊዜ ሩዝ አይሆንም፤ ዱቄት፣ ካሳቫና ማሽላ ይቀላቀልበታል። ሰዎች ከንጋት በፊት በመንግሥት ሱቅ ደጃፍ ጡብ አስቀምጠው ወረፋ ይይዛሉ፤ ጡቡ ላይ ስማቸውን የሚጽፉም ነበሩ። ሰው ከልክ በላይ አዝኖ ሲታይ «የሩዝ ደብተሩ የጠፋበት ይመስላል» የሚለው አባባል የተወለደው በዚያ ዘመን ነው። በደርግ ጊዜ በቀበሌ ሱቅ ለስኳርና ለዘይት የተሰለፈ ኢትዮጵያዊ ይህን ለመረዳት ማብራሪያ አያሻውም።

ከሁሉ ቀድሞ ይህን ሥርዓት የደፈረው የቪን ፉክ ክፍለ ሀገር የፓርቲ ጸሐፊ የነበረው ኪም ንጎክ ነው። ከገበሬ ቤት የወጣ፣ በትግሉ ዘመን ያደገ ኮሚኒስት ነው። በ1966 የአሜሪካ አውሮፕላኖች ሰሜን ቬትናምን በሚደበድቡበት፣ ወጣቱ ሁሉ ወደ ጦር ግንባር በዘመተበት ወቅት፣ ማሳው ላይ የቀሩት ሴቶችና ሽማግሌዎች ነበሩ። ምርቱ እየወረደ ሲሄድ ኪም ንጎክ የክፍለ ሀገሩን ኮሚቴ ሰብስቦ ውሳኔ አሳለፈ። መሬቱ የማኅበሩ እንደሆነ ይቀጥላል፤ ሥራው ግን ለየቤተሰቡ በውል ይሰጣል። ቤተሰቡ የተዋዋለውን ያህል ያስገባል፤ ከዚያ በላይ ያመረተውን ለራሱ ያስቀራል። ምርቱም አደገ። ይሁንና በ1968 መጨረሻ ከፓርቲው ቁንጮዎች አንዱ የነበረው ትሩኦንግ ቺን ወደ ቦታው መጥቶ አሠራሩን ክፉኛ ነቀፈው፤ ንግግሩም በፓርቲው ጋዜጣ ታተመ። ውሉ ተሰረዘ። ኪም ንጎክም ስህተቱን አምኖ የግለ ሂስ ጽሑፍ እንዲያቀርብ ተደረገ። በ1979 ሲሞት ሐሳቡ ገና የተወገዘ ነበር።

ይህን ሰው ማሰብ ያስፈልጋል። የሽግግር ታሪክ ሲጻፍ የፕሬዚዳንቶችና የኢኮኖሚ አማካሪዎች ስም ይገንናል። ኪም ንጎክ ግን የገንዘብ ፖሊሲ የተማረ ሰው አልነበረም፤ የተራበ ገበሬ አይቶ፣ ሹመቱን አደጋ ላይ ጥሎ የወሰነ ነው። መንግሥት ከብዙ ዓመታት በኋላ ከፍተኛ ኒሻን ሸልሞታል፤ እሱ ግን ያንን ለማየት አልታደለም።

ጦርነቱ በ1975 አልቆ ሰሜንና ደቡብ ሲዋሐዱ፣ ሃኖይ ያንኑ የኅብረት እርሻ ሥርዓት ለም ወደሆነው የሜኮንግ ወንዝ ዳርቻ ይዛ ወረደች። የደቡቡ ገበሬ በገበያ የለመደ ነበርና አልተቀበለውም። መንግሥት በርካሽ ዋጋ እህል አስገባ ሲለው ምርቱን ቀነሰ፤ ወይ ደበቀ፤ ወይ ለከብት አበላ። በየመንገዱ የተተከሉት ኬላዎች ጥቂት ኪሎ ሩዝ እንኳ ከክፍለ ሀገር ወደ ክፍለ ሀገር እንዳያልፍ ይወርሱ ነበር። ከሜኮንግ ሩዝ ማሳዎች የጥቂት ሰዓት መንገድ ብቻ የምትርቀው ሆ ቺ ሚን ከተማም፣ የዱሮዋ ሳይጎን፣ እህል አልቆባት ማሽላ መቅመስ ጀመረች።

እዚህ ላይ ባ ቲ በሚል ስሟ የምትታወቀው ሴት ትመጣለች። የከተማው የእህል አስተዳደር ሹም ነበረች። መንግሥት የቆረጠው የመግዣ ዋጋ በኪሎ ግማሽ ዶንግ ገደማ ነው፤ ገበሬው በገበያ የሚያገኘው ደግሞ የዚያን አምስት እጥፍ ያህል ነበር። ባ ቲና ባልደረቦቿ ገንዘብ ይዘው፣ መኪና አስነስተው ወደ ሜኮንግ ወረዱና ሩዙን በገበያ ዋጋ ገዙ። ይህ በወቅቱ ሕግ ወንጀል ነው። የከተማው የፓርቲ ጸሐፊ ቮ ቫን ኪየት ጉዳዩን ያውቃል፤ አበረታቷልም። ብትታሰር እስር ቤት ስንቅ እንደሚያመላልስላት ቃል ገባላት እየተባለ በቬትናም እስከ ዛሬ ይተረካል። አልታሰረችም። የገዛችው ሩዝ ከተማውን መገበ፤ ቡድኗም በጊዜ ሂደት ሕጋዊ የእህል ኩባንያ ሆነ። ቮ ቫን ኪየት ደግሞ በ1990ዎቹ ጠቅላይ ሚኒስትር ሆኖ አገሪቱን መራ።

በሰሜንም ነገሩ ከሥር እየፈላ ነበር። በሃይ ፎንግ አጠገብ ባለችው የዶአን ሳ ቀበሌ ገበሬዎች በ1977 አካባቢ፣ የቀበሌው የፓርቲ አባላት ምስጢሩን ሊጠብቁ ተማምነው፣ መሬቱን ለየቤተሰቡ በውል አደሉ። የሃይ ፎንግ ሹማምንት ሲደርሱበት ከመቅጣት ይልቅ አዝመራውን አዩ። ከዚያም ወደ ሃኖይ ሄደው ተከራከሩ። በጥር 1981 የፓርቲው ጽሕፈት ቤት መመሪያ ቁጥር 100 አወጣ። ኪም ንጎክ የተወገዘበት አሠራር፣ ሰውየው ከሞተ ሁለት ዓመት እንኳ በቅጡ ሳይሞላ፣ የአገሪቱ ፖሊሲ ሆነ።

ግማሽ መንገድ ግን ግማሽ መንገድ ነው። ምርቱ ለጥቂት ዓመታት አደገ፤ መንግሥት የምርቱን ማደግ ሲያይ ደግሞ የውሉን መጠን ከፍ ከፍ አደረገ፤ ገበሬውም ተስፋ ቆርጦ መሬቱን መመለስ ጀመረ። በመስከረም 1985 ከላይ የታወጀው ማሻሻያ ሁሉንም አባሰው። መንግሥት ዋጋን፣ ደመወዝንና ገንዘብን በአንድ ጊዜ ለመለወጥ ተነሳና 10 አሮጌ ዶንግ በ1 አዲስ ዶንግ ቀየረ። ገበያው ላይ ያለው ዕቃ አልጨመረም፤ የበጀት ጉድለቱን ለመሙላት የሚታተመው ገንዘብ ግን ጨመረ። በ1986 የዋጋ ንረቱ ከ700 በመቶ አለፈ። ደመወዙን ጠዋት ተቀብሎ ወዲያው ዕቃ ያልገዛ ሰው ማታ ከሠረ።

በዚያው ዓመት ሐምሌ ላይ የረጅም ዘመኑ ዋና ጸሐፊ ሌ ዱአን ሞተ። ለጥቂት ወራት የተካው ያ ኪም ንጎክን ያወገዘው ትሩኦንግ ቺን ነው። በእነዚያ ዓመታት ባለሙያዎችን አስከትሎ ክፍላተ ሀገራቱን ሲዞር፣ ፋብሪካውንና ማሳውን በዓይኑ ሲያይ ሐሳቡ ተለውጦ ነበር። ለ6ኛው ጉባኤ የቀረበውና ፓርቲውን ራሱን በግልጽ የወቀሰው ሪፖርት የተዘጋጀው በእሱ አመራር ነው። አንድ ሰው በሰማንያ ዓመቱ ገደማ የዕድሜ ልክ እምነቱን መርምሮ መለወጡ በፖለቲካ ታሪክ ብርቅ ነገር ነው፤ ክብርም ይገባዋል። የጉባኤው ውሳኔ ግን ወዲያው ማሳው ላይ አልደረሰም። የ1988ቱ ረሃብ የገባው ከጉባኤው በኋላ ነው። ያ ረሃብ ነው የቀረውን ማመንታት የቆረጠው። በሚያዝያ 1988 የፓርቲው ፖሊት ቢሮ ውሳኔ ቁጥር 10ን አወጣ። በዚህ ውሳኔ መሬት ለየቤተሰቡ ለዓመታት በውል ይሰጣል፤ የእርሻ በሬና መሣሪያ የግል ይሆናል፤ የሥራ ነጥብ ይቀራል፤ ገበሬው ግብሩን ከፍሎ የተረፈውን ለፈለገው ይሸጣል። ኬላዎቹም ተነሱ።

ቀጣዩ እርምጃ ከባድ ነበር። በ1989 መንግሥት አብዛኛውን ዋጋ ለገበያው ለቀቀ፤ ኩፖኑን ሰረዘ፤ የዶንግን ይፋዊ ምንዛሪ ከጥቁር ገበያው ጋር አቀራረበ። የቁጠባ ወለድንም በወር እስከ 12 በመቶ አደረሰው። በዓመት አይደለም፣ በወር ነው። ወለዱ ከዋጋ ንረቱ በላይ ስለሆነ፣ ሕዝቡ ወርቅና ዶላር መደበቁን ትቶ ዶንጉን ባንክ አስገባ። በቀደመው ዓመት ከ300 በመቶ በላይ የነበረው የዋጋ ንረት በ1989 ወደ 35 በመቶ አካባቢ ወረደ።

ሲነገር ቀላል ይመስላል። ሸክሙን የተሸከሙት ግን ሰዎች ናቸው። ያለ ድጎማ መቆም ያቃታቸው የመንግሥት ድርጅቶች ሲዘጉና ሲዋሐዱ በመቶ ሺዎች የሚቆጠሩ ሠራተኞች ተሰናበቱ። በዚያው ጊዜ ከካምቦዲያ የተመለሰው ሠራዊት ተቀንሶ ወጣቱ ሥራ ፍለጋ ከተማውን አጥለቀለቀው። የገጠር ጤና ጣቢያዎችን ይደግፉ የነበሩት ኅብረት ሥራ ማኅበራት ሲፈርሱ ጤና ጣቢያዎቹም ባዶ ቀሩ፤ ሐኪም ቤትም ትምህርት ቤትም ክፍያ መጠየቅ ጀመሩ፤ ከሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ያቋረጡት ልጆች ቁጥር አሻቀበ። በ1990 ደግሞ ሆ ቺ ሚን ከተማ ውስጥ «ታን ሁኦንግ» የተባለ የሽቶ ድርጅት በከፍተኛ ወለድ ከሕዝብ የሰበሰበውን ገንዘብ መመለስ አቃተው። የአዲሱን ደንበኛ ገንዘብ ለአሮጌው እየከፈለ የቆመ ድርጅት ነበር። እሱን ተከትለው በሺዎች የሚቆጠሩ አነስተኛ የብድር ማኅበራት ተንኮታኮቱ፤ የብዙ ጡረተኛና የገበያ ሴት ጥሪት አብሮ ጠፋ። የባንክ ሕግና ተቆጣጣሪ ሳይኖር የገንዘብ ገበያ መክፈት ምን እንደሚያስከትል አልባኒያ ከሰባት ዓመት በኋላ በባሰ ሁኔታ አየችው።

በሌላ በኩል፣ የድህነት መጠኑ በ1993 ከነበረበት 58 በመቶ በ2008 ወደ 14 በመቶ ገደማ ወርዷል። ይህ በአሥርት ሚሊዮኖች የሚቆጠሩ ሰዎችን ከችግር አውጥቷል።

ይህንን ስኬት «ዋጋን ልቀቅ፣ ቀሪው ራሱ ይመጣል» ብለው የሚያስተምሩ ሰዎች ግን ቬትናምን በደንብ አላዩም። ውሳኔ ቁጥር 10 በአንድ ዓመት ይህን ያህል ምርት ያስገኘው ከሥሩ የተዘጋጀ ነገር ስለነበረ ነው። በቀይ ወንዝና በሜኮንግ ሸለቆዎች ለዘመናት የተቆፈሩ ቦዮችና ግድቦች ነበሩ፤ ከ1960ዎቹ መጨረሻ ጀምሮ የተስፋፋ ምርታማ የሩዝ ዘር ነበር፤ ማንበብና መጻፍ የሚችለው አዋቂ በ1989 ከ10 ሰው ወደ 9 ይጠጋል። መሬቱም ለጥቂት ባለርስቶች አልሄደም፤ በቤተሰብ ብዛት በእኩል ተከፋፈለ። ገበያው የሰጠው ማበረታቻ ያረፈው በሶሻሊስቱ ዘመን በተሠራ መሠረት ላይ ነው። ሁለቱን ዘመናት እንደ ጨለማና ብርሃን መለየት የማይቻለውም ለዚህ ነው።

ከሩሲያ ጋር ማነጻጸር ነገሩን ይበልጥ ያጠራዋል። ሩሲያ ዋጋዋን የለቀቀችው ጥር 2 ቀን 1992 ነው፤ የዚያ ዓመት የዋጋ ንረት ከ2,000 በመቶ በላይ ሆነ። በጥቅምት ደግሞ እያንዳንዱ ዜጋ 10,000 ሩብል የተጻፈበት የአክሲዮን መግዣ ወረቀት ተሰጠው። የፋብሪካዎቹ ባለቤት ትሆናለህ ተባለ። ብዙዎች ወረቀቱን ለዕለት ጉርስ ሸጡት፤ ፋብሪካዎቹም በሥራ አስኪያጆቹና ገንዘብ ባላቸው ጥቂቶች እጅ ገቡ። በ1990 ወደ 64 ዓመት ይጠጋ የነበረው የሩሲያ ወንዶች አማካይ ዕድሜ በ1994 ከ58 በታች ወረደ። ይህ በሰላም ጊዜ እምብዛም ያልታየ ነው።

ታዲያ ሩሲያ እንደ ቬትናም ቀስ ብላ፣ ከእርሻ ብትጀምር ኖሮ ይሻላት ነበር? ኢኮኖሚስቶቹ ጄፍሪ ሳክስና ዊንግ ታይ ዉ በ1994 ሩሲያንና መሰሎቿን ከቻይና ጋር አነጻጽረው ባሳተሙት ጥናት እንዲህ ያለው መንገድ ለሩሲያ አያስኬድም ብለው ነበር፤ ክርክራቸውም ክብደት አለው። በቬትናም በዚያን ጊዜ ከ10 ሠራተኛ ከ7 በላይ የሚሆነው ገበሬ ነበር፤ መሬት ሲሰጠው በማግስቱ ያርሳል። ሩሲያ ውስጥ አብዛኛው ሰው የትልልቅ ድርጅቶች ደመወዝተኛ ነበር፤ ፋብሪካ ደግሞ ለየቤተሰቡ ተቆራርሶ አይሰጥም። የሩሲያ ገበሬም ከስልሳ ዓመት የኅብረት እርሻ በኋላ ለራሱ ያረሰ አያት እንኳ አልቀረለትም፤ የሜኮንጉ ገበሬ ግን የራሱን ማሳ የተቀማው የትናንትና ያህል ነው። ይህም ሆኖ የሩሲያ መከራ ሁሉ የኢኮኖሚው አወቃቀር የግድ ያመጣው አይደለም። የአገር ሀብት በጥቂት ዓመታት ውስጥ፣ ፍርድ ቤትና ተቆጣጣሪ ሳይደራጅ እንዲከፋፈል የወሰኑ ሰዎች ነበሩ፤ ለዚያ ውሳኔ ተጠያቂነት አለባቸው።

ኢትዮጵያ በአወቃቀሯ ከሩሲያ ይልቅ ለቬትናም ትቀርባለች፤ እርምጃውንም በተመሳሳይ ጊዜ ሞክራዋለች። በደርግ ዘመን ገበሬው የተወሰነበትን የኮታ እህል ለእርሻ ሰብል ገበያ ድርጅት በቁርጥ ዋጋ ማስገባት ነበረበት። ምርት ያነሰው ገበሬ ከገበያ በውድ ገዝቶ ለመንግሥት በርካሽ ያስረከበበት ጊዜ አለ። ኬላውም እንደ ቬትናም ነበር። የካቲት 26 ቀን 1982 ዓ.ም. መንግሥቱ ኃይለ ማርያም ቅይጥ ኢኮኖሚ ሲያውጁ ኮታው ቀረ፤ ኬላውም ተነሳ። አባል የመሆንም የመልቀቅም ነፃነት ሲፈቀድ አብዛኞቹ የአምራቾች ኅብረት ሥራ ማኅበራት በጥቂት ሳምንታት ውስጥ ፈረሱ፤ ገበሬዎቹ በሬና መሬቱን ተካፍለው በየፊናቸው ሄዱ። ዶአን ሳ ውስጥ በምስጢር የተደረገው፣ እዚህ በአደባባይ ተደረገ።

ውጤቱ ግን ለየቅል ነው። ቬትናም ኬላዋን ስታነሳ ከጦርነት እየወጣች ነበር፤ እ.ኤ.አ. በመስከረም 1989 የመጨረሻው ሠራዊቷ ካምቦዲያን ለቀቀ። ኢትዮጵያ ኬላውን ስታነሳ ጦርነቱ ወደ መሐል አገር እየገሰገሰ ነበር፤ ከዓመት ከሦስት ወር በኋላ የደርግ መንግሥት ራሱ ፈረሰ። የቬትናም ገበሬ ቦይ አለው፤ የኢትዮጵያ ገበሬ ሰማይ ያያል። የአንድ ዶላር ምንዛሪ ከ2.07 ወደ 5 ብር የተለወጠው በ1985 ዓ.ም. መጀመሪያ፣ ሌላ መንግሥት በሌላ ፕሮግራም ነው። ማሻሻያው ተዳክሞ የነበረው የደርግ መንግሥት የመጨረሻ ትንፋሽ ላይ በመምጣቱ ከታሪክ መጻሕፍት የሚገባውን ቦታ እንኳ አላገኘም፤ ለገበሬው ግን ትልቅ ቀን ነበር።

ሁለቱን አገሮች የሚያገናኛቸው ሌላም ነገር አለ፤ እሱም ቡና ነው። እ.ኤ.አ. በ1975 የብራዚልን ቡና ውርጭ ሲመታው የዓለም ዋጋ ናረ፤ የውጭ ምንዛሪ ያጠራት ምሥራቅ ጀርመንም በ1977 ግማሹ ብቻ ቡና የሆነ ድብልቅ ለሕዝቧ አቀረበች። ሕዝቡ በቁጣ ተነሳባት። መፍትሔ ፍለጋ የምሥራቅ ጀርመን ገዢ ፓርቲ ፖሊት ቢሮ አባል ቬርነር ላምበርትዝ በዚያው ዓመት አዲስ አበባ ገባ። ደርግ ከሶማሊያ ጋር ጦርነት ውስጥ እየገባ ነበርና ቡና በጦር መሣሪያና በሸቀጥ ለመለወጥ ተስማማ። ብዙ ሳይቆይ ግን የኢትዮጵያ ወገን ለቡናው ጥሬ ምንዛሪ እንደሚሻ አስታወቀ፤ ልውውጡም ተቋረጠ። ምሥራቅ ጀርመን ፊቷን ወደ ቬትናም አዞረች። በ1980 በተፈረመው ስምምነት ማሽን፣ የመስኖ ዕቃና ባለሙያ ወደ ዳክ ላክ ደጋ ላከች፤ ቬትናም ደግሞ ለሃያ ዓመት የምርቱን ግማሽ ልትሰጥ ተስማማች። ቡናው ለአዝመራ በደረሰበት በ1990 ምሥራቅ ጀርመን የምትባል አገር ከካርታ ላይ ጠፋች።

ችግኙ፣ ቦዩና ዕውቀቱ ግን ቀርቷል። በዚያ ላይ የዶይ ሞይ ነፃነት ተጨመረበት። ከሰሜኑ ቆላ የተነሱ ቤተሰቦች ወደ ደጋው ጎርፈው ደኑን መንጥረው ቡና ተከሉ። በ1990 ከ100 ሺህ ቶን በታች የነበረው የቬትናም ቡና ምርት በ2000 ከ800 ሺህ ቶን በላይ ሆነ፤ ቬትናምም ኮሎምቢያን ቀድማ ከብራዚል ቀጥሎ ሁለተኛ ሆነች። የቡና አምራች አገሮችን የውጭ ሽያጭ በኮታ ይወስን የነበረው ዓለም አቀፍ ስምምነት ደግሞ በ1989 ፈርሷል። በ2001 የዓለም አቀፉ ቡና ድርጅት አማካይ ዋጋ በፓውንድ ወደ 45 የአሜሪካ ሳንቲም ወረደ። የዚያ ዋጋ ጅራፍ ያረፈው ሲዳማና ጅማ፣ ይርጋ ጨፌና ሐረርጌ ላይ ነው። ልጆች ከትምህርት ቤት ወጡ፤ የሐረርጌ ገበሬም ቡናውን ነቅሎ ጫት ተከለ። የአንዱ አገር ገበሬ ከድህነት የወጣበት መንገድ ሌላውን ወደ ድህነት መግፋቱ በሽግግር ሪፖርቶች ውስጥ በቅጡ አይጻፍም፤ መጻፍ ግን ነበረበት።

በዳክ ላክም ሁሉ ደስተኛ አልነበረም። የደጋው ነባር ሕዝቦች፣ እነ ኤዴና ጃራይ፣ ለዘመናት እየዞሩ ያረሱት መሬት በመንግሥት እርሻዎችና በሰፋሪዎች ተይዞ አገኙት። የቡና ዋጋ በተንኮታኮተበት በየካቲት 2001 ለመሬትና ለእምነት ነፃነት አደባባይ ወጡ፤ በ2004ም ተደገመ። መንግሥት በኃይል በተነው፤ ብዙዎችም ድንበር ተሻግረው ወደ ካምቦዲያ ሸሹ።

ፖለቲካው የኢኮኖሚውን ያህል አልተከፈተም። የፖሊት ቢሮ አባል የነበረው ትራን ሱአን ባክ፣ ኢኮኖሚው ብቻውን በአንድ እግር መሄድ እንደማይችል፣ የሐሳብ ብዝኃነትም እንደሚያስፈልግ መናገር ጀምሮ ነበር። በመጋቢት 1990 ከሥልጣኑ ተነሳ። ከዚያ ወዲህ ፓርቲው በዚህ ጉዳይ ላይ ንቅንቅ አላለም። ውጤቱ ጎልቶ የታየው ያው ሩዝ ማሳ ላይ ነው። በ1993ቱ የመሬት ሕግ ገበሬው መሬቱን ለሌላ የማስተላለፍ፣ የመለወጥ፣ የማከራየት፣ የማውረስና በባንክ የማስያዝ መብት አገኘ፤ ለሩዝ መሬት ዘመኑ 20 ዓመት ነው። የኢትዮጵያ ገበሬ መሬቱን አስይዞ ባንክ መበደር ለረጅም ጊዜ ስላልተፈቀደለት፣ በዚህ ረገድ ቬትናማዊው ቀድሞታል። ባለቤትነቱ ግን በሁለቱም አገር የመንግሥትና የሕዝብ ነው፤ መሬቱን ሰጪውም ነሺውም የአካባቢው ሹም ነው።

በ1997 በሩዝ ምርቷ ምሳሌ ተደርጋ ትወደስ በነበረችው ታይ ቢን ክፍለ ሀገር ገበሬዎች በሹማምንት ሌብነትና በመዋጮ ብዛት ተማርረው ተነሱ፤ የባለሥልጣን ቤቶችን አጠቁ። መንግሥት ደንግጦ ብዙ ሹማምንትን ቀጣ፤ በቀጣዩ ዓመትም የቀበሌ በጀትና የመሬት ጉዳይ ለነዋሪው በይፋ እንዲገለጽ የሚያዝ ድንጋጌ አወጣ። ድንጋጌው በየቀበሌው ሰሌዳ ላይ ሒሳብ እንዲለጠፍ አድርጓል፤ መሬት መቀማቱን ግን አላስቆመም። ከሃኖይ ብዙም በማትርቀው በዶንግ ታም፣ ለጦር ኃይሉ ተከልሏል በተባለ መሬት ላይ ለዓመታት የዘለቀው ውዝግብ ጥር 9 ቀን 2020 ንጋት ላይ ወደ ደም መፋሰስ ተለወጠ። ሦስት ፖሊሶችና የመንደሩ የ84 ዓመት ሽማግሌ ሞቱ። ሽማግሌው የዕድሜ ልክ የፓርቲው አባል ነበሩ።

በጥር 2024 የቬትናም ምክር ቤት አዲስ የመሬት ሕግ አጽድቆ ከነሐሴ 1 ጀምሮ ሥራ ላይ አዋለው። ሕጉ መንግሥት ለአምስት አምስት ዓመት እየወሰነ ያወጣው የነበረውን የመሬት ዋጋ ጣሪያና ወለል ሰርዟል፤ ክፍላተ ሀገራት በየዓመቱ ገበያውን የሚከተል የዋጋ ሰንጠረዥ እንዲያወጡም አዟል፤ መንግሥት ለልማት ብሎ መሬት ሊወስድ የሚችልባቸውን ሁኔታዎችም አንድ በአንድ ዘርዝሯል። ከዚህ በኋላ ማሳው የተፈለገበት ገበሬ ከዱሮው የተሻለ ካሳ መጠየቅ ይችላል። የዋጋ ሰንጠረዡን የሚያወጣው ግን መሬቱን የሚወስደው ያው የክፍለ ሀገር አስተዳደር ነው፤ ገበሬው ቅሬታ ቢኖረው የሚከስበት ፍርድ ቤት ዳኞችም የፓርቲው አባላት ናቸው።